ጎንደር በአንድ ቀን፦ ማን ሠራው? ማን አሠራው?

በናይሮቢ ጊጊሪ የሚኖር ሰው ትርጉም ምን ያህል ጥንቃቄ የሚጠይቅ ሙያ እንደሆነ ለመረዳት ሩቅ መሄድ አያሻውም። በተባበሩት መንግሥታት ግቢ በሚካሄዱት ታላላቅ ጉባኤዎች አስተርጓሚዎች በመስታወት በታጠረ ክፍላቸው ተቀምጠው፣ ተናጋሪው «እኔ» ሲል «እኔ» እያሉ፣ ሳይጨምሩና ሳይቀንሱ የአንዱን ቃል ለሌላው ያደርሳሉ። አንዲት ቃል ብትዛነፍ ቅር የሚለው ወገን አይጠፋም። በአንጻሩ ማንም ቅሬታ የማያቀርብበት፣ ማንም የማያርመው ሌላ የትርጉም ሙያ አለ፤ እርሱም የአስጎብኚ ሙያ ነው። አስጎብኚ የድንጋይን ዝምታና የከተማን ትዝታ ወደ እንግዳው ቋንቋ የሚመልስ ተርጓሚ ነው። ሥራው ትርጉም ከሆነ ደግሞ እንደማንኛውም ትርጉም ሊሔስ ይገባዋል።

በጊጊሪና በአካባቢዋ የሚኖሩ ኢትዮጵያውያን ቤተሰቦች ለዓመት ፈቃድ አገር ቤት ሲገቡ ልጆቻቸውን ታሪካዊ ቦታ ማሳየት ይሻሉ። ልጆቹ እንግሊዝኛና ስዋሂሊ የሚናገሩ፣ አማርኛን ሰምተው የሚመልሱት በእንግሊዝኛ የሆኑ ናቸው። ከአዲስ አበባ በጠዋት በረራ ጎንደር ተገብቶ፣ መኪናና አስጎብኚ ለብቻ ተይዞ፣ ከተማዋ በአንድ ቀን ትጠናቀቃለች። ጠዋት የፋሲል ግቢ፤ ከምሳ በኋላ የፋሲል መዋኛ፣ ደብረ ብርሃን ሥላሴና ቁስቋም፤ ማምሻውን ወለቃ። ይህ ቅደም ተከተል ከዓመት ዓመት እምብዛም አይለወጥም። በአንድ ቀን ይህን ሁሉ ማየት መቻሉ በራሱ የሚነቀፍ አይደለም፤ ሰው የተፈቀደለት ፈቃድ አጭር ነው። የሚያሳስበው ሌላ ነው፤ አስጎብኚው ለዚህ ቤተሰብ በአማርኛ የሚናገረው ንግግር መጀመሪያ በእንግሊዝኛ የተጠና፣ ለውጭ አገር ሰው የተሰናዳ ንግግር መሆኑ ነው። የገዛ አገሩን ታሪክ ሊሰማ የሄደ ሰው ወደ ባዕድ ቋንቋ ሄዶ የተመለሰ ቅጂ ይቀርብለታል። የአገሩን ሰርዶ ባገሩ በሬ የሚለው ብሂል እዚህ ላይ አልሠራም።

የዚህ መመለስ ምልክት ከመጀመሪያው ዓረፍተ ነገር ይታያል። «ይህ ካስል በ1636 በኪንግ ፋሲለደስ የተሠራ ነው።» ቃላቱ በብዛት አማርኛ ናቸው፤ አገነባቡ ግን አይደለም። የአማርኛ ተናጋሪ ንጉሥን ሲያነሣ በአክብሮት አንቀጽ ነው፤ ዐፄ ፋሲል «አሠሩ» ወይም «አስገነቡ» ይላል እንጂ ግንቡ «በፋሲለደስ ተሠራ» አይልም። ልዩነቱ የአክብሮት ብቻ ቢሆን ኖሮ ችላ ሊባል በቻለ። «ሠራ» እና «አሠራ» በአማርኛ ሁለት የተለያዩ ነገሮች ናቸው። እንግሊዝኛው ንጉሡ ግንቡን «ሠራ» ሲል ሠራተኞቹን ሁሉ ንጉሡ ውስጥ አጥፍቶ ያልፋል፤ ማንም ሰው በነገሩ ላይ ጥያቄ አያነሣም። አማርኛው «አሠሩ» ሲል ግን አዛዡንና ሠሪውን ለይቶ፣ ለሠሪው ባዶ ቦታ ትቶ ይሄዳል። አድማጩ ወዲያው «በማን አሠሩት?» ሊል ይችላል። ይህችን አንዲት ፊደል መጣል ማለት ጥያቄውን መጣል ማለት ነው።

«ካስል» የሚለውም ቃል እንዲሁ ነው። ጎንደሬው «ግንብ» ይላል። ግንብ የሚለው ቃል በጭቃና በእንጨት ሳይሆን በድንጋይና በኖራ የተሠራ ማለት ስለሆነ፣ በዘመኑ የነበረውን የሥራ ለውጥ በአንድ ቃል ይነግራል። አጠቃላዩን ሥፍራ ደግሞ «ግቢ» ይለዋል፤ ችሎት የሚያስችሉበት፣ ግብር የሚገባበት፣ ቤተ ክርስቲያኑም ጋጣውም ያለበት የመንግሥት ቤት ማለቱ ነው። «ካስል» ሲባል ግን የናይሮቢው ልጅ ከፊልም የሚያውቀውን የአውሮፓ ባላባት ምሽግ ያስባል። በዚያ ላይ «የአፍሪካ ካሜሎት» የሚለው ቅጽል ይጨመርበታል። ካሜሎት በተረት የሚነገርላት፣ መኖሯ ያልተረጋገጠ የንጉሥ አርተር ከተማ ናት። በእርግጥ የነበረችን፣ ነገሥታቷ ዜና መዋዕል ያስጻፉላትን፣ ዛሬም ሰው የሚኖርባትን ከተማ በሌለች ከተማ ስም ማሞገስ እንግዳ የሆነ ምስጋና ነው።

የዘመን አቆጣጠሩም ነገር አለ። አስጎብኚው 1636 ሲል የአውሮፓን አቆጣጠር ማለቱ ነው፤ ይህንን ግን ሁልጊዜ አይናገርም። ለውጭ ሰው መናገር ስለማያስፈልገው ለአማርኛ ሰሚም ሳይናገር ያልፋል። ሰባትና ስምንት ዓመት ለአሥራ ሰባተኛው ክፍለ ዘመን ብዙ አይመስልም፤ ወደ ቅርቡ ታሪክ ሲመጣ ግን ያሳስታል። በ1941 እንግሊዞች የጣሊያንን ጦር ሲወጉ በጣሉት ቦምብ ግንቦቹ ተጎድተዋል። አባትየው ይህንን በኢትዮጵያ አቆጣጠር ከሰማው ነጻነት ከተመለሰ ከስምንት ዓመት በኋላ ጎንደር የተደበደበች ይመስለዋል። በትክክል ቢነገረው ኖሮ አንድ የሚገርም ነገር ይሰማ ነበር፦ ንጉሠ ነገሥቱ ሚያዝያ 27 ቀን 1933 ዓ.ም. አዲስ አበባ ከገቡ በኋላ ጎንደር ከስድስት ወር በላይ፣ እስከ ኅዳር 1934 ዓ.ም. ድረስ፣ በጄኔራል ናሲ ጦር እጅ መቆየቷን። የጣሊያን የመጨረሻው ትልቅ ምሽግ ጎንደር ነበረች። ዛሬ በፒያሳ የሚታዩት የፖስታ ቤቱና የሲኒማ ቤቱ ሕንጻዎች የዚያ ዘመን ቅሪቶች ናቸው፤ መኪናው ግን ሳይቆም ያልፋቸዋል።

ከሁሉ የሚያስቆጨው የበሮቹ ጉዳይ ነው። የፋሲል ግቢ ቅጥር ዙሪያው 900 ሜትር ያህል ሲሆን አሥራ ሁለት በሮች አሉት። አስጎብኚው «አሥራ ሁለት በሮች አሉት» ብሎ ወደ ግንቡ ይቀጥላል፤ በእንግሊዝኛው ንግግር በሮቹ ቁጥር ብቻ ናቸውና። የበሮቹ ስሞች ግን ለአማርኛ ሰሚ ያለ ምንም ማብራሪያ የሚነበቡ መጽሐፍ ናቸው። ወንበር በር፤ ዳኞች የሚገቡበት። ባልደራስ በር፤ የፈረሰኛው አለቃ የሚወጣበት። እምቢልታ በር፤ ነፊዎቹ የሚያልፉበት። ተዝካሮ በር፣ እልፍኝ በር፣ ራስ በር፣ እርግብ በር። እንቆዬ በር ደግሞ በእቴጌ ምንትዋብ እናት በወይዘሮ እንቆዬ የተሰየመ ነው። የፈታዮቹም በር አለ። ከራስ እስከ ጥጥ ፈታይ፣ ከዳኛ እስከ እምቢልተኛ፣ መላው የቤተ መንግሥት ኑሮ በቅጥሩ ዙሪያ ተጽፏል። አንድ ቤተሰብ ለብቻው አስጎብኚ ይዞ ቅጥሩን በውጭ በኩል ቢዞር፣ ሌላ ምንም ሳይጨመር፣ ከውስጥ ባዶ ክፍሎች ይልቅ ብዙ ባወቀ ነበር። ከበሩ ፊት ለፊት ያለው የጃን ተከል ዋርካ እንኳ የፎቶግራፍ ማንሻ ሆኖ ቀርቷል።

ወደ «ማን አሠራው፣ ማን ሠራው» እንመለስ። በጉብኝቱ ላይ ብዙ ጊዜ የሚሰማው መልስ «ፖርቱጋሎች» የሚል ነው፤ ጎብኚው ራሱ ይዞት የሚመጣበትም ጊዜ አለ። ይህ አባባል የኬንያ ነዋሪ ለሆነ ሰው ልዩ ትርጉም ሊኖረው ይገባል። ሞምባሳ ሄዶ ፎርት ጂሰስን ያላየ የናይሮቢ ቤተሰብ ጥቂት ነው። ያ ምሽግ እ.ኤ.አ. ከ1593 ጀምሮ በእርግጥ በፖርቱጋሎች ትእዛዝ፣ ጆቫኒ ባቲስታ ካይራቲ በተባለ ጣሊያናዊ ንድፍ የተሠራ ነው። የሞምባሳው ሱልጣን ዩሱፍ ቢን ሐሰን በፖርቱጋሎች ላይ ተነሥቶ ምሽጉን የያዘው በ1631 ነው። ዐፄ ሱስንዮስ የካቶሊክን ሃይማኖት ትተው፣ ልጃቸው ዐፄ ፋሲል የነገሡት በተከታዩ ዓመት፣ በ1632 ነው። ፋሲል የኢየሱሳውያንን ሚሲዮናውያን ከአገር አስወጡ፤ ጎንደርን መቀመጫቸው ያደረጉትም ከዚያ በኋላ ነው። እንግዲህ የጎንደር ግንብ የተነሣው ፖርቱጋሎች ከተባረሩ በኋላ፣ ባባረሯቸው ንጉሥ ነው። ሞምባሳና ጎንደር በአንድ ዘመን አንድ ዓይነት ጥያቄ ገጥሟቸው ነበር፤ ይህንን አያይዞ የሚነግር አስጎብኚ ለጊጊሪው ልጅ ሁለቱንም ከተሞች በአንድ ጊዜ ባስረዳው ነበር።

መልሱ ግን «ፖርቱጋሎች አልነበሩም፣ እኛው ነን» ብሎ በመፎከርም አይገኝም። ይህም በቅርቡ የሚሰማ ሌላ የጉብኝት ንግግር ነው፤ ከፊተኛው የሚሻለው በስሜቱ እንጂ በማስረጃው አይደለም። በ1648 ጎንደርን ያየው የየመን ኢማም መልእክተኛ ሐሰን ቢን አሕመድ አል-ሐይሚ ግንቡን አድንቆ ሲጽፍ የሥራው መሪ ህንዳዊ እንደነበረ ይናገራል። ኖራ ማቃጠልም በሱስንዮስ ዘመን ከህንድ ጋር በነበረው ግንኙነት እንደገባ የሚሲዮናውያኑ ጽሑፎች ያወሳሉ። ድንጋዩን የጠረቡት፣ እንጨቱን የላጉት፣ ብረቱን የቀጠቀጡት እጆች ደግሞ በአብዛኛው የዚሁ አገር ሰዎች ነበሩ፤ ከእነርሱም መካከል ቤተ እስራኤላውያን ግንበኞችና አናጢዎች ትልቅ ድርሻ እንደነበራቸው በርካታ የታሪክ ጸሐፊዎች ይመሰክራሉ። ትእዛዙ የንጉሡ፣ ዕውቀቱ ከብዙ ወገን የተቀዳ፣ ጉልበቱ የብዙ ሰዎች ነው። ይህን ሁሉ «አሠሩ» የምትለው ቃል ልትሸከመው ትችላለች፤ «ሠራ» ግን አትችልም።

የቀኑ ቅደም ተከተል ጉድለት ጎልቶ የሚታየውም እዚህ ላይ ነው። አውሮፕላን ማረፊያው ያለበት አዘዞ የሱስንዮስ ገነተ ኢየሱስ የሚገኝበት ሥፍራ ነው። የካቶሊክ ሃይማኖት ጉዳይ፣ የኢየሱሳውያኑ መኖሪያ፣ የንጉሡ የአትክልት ቦታ ሁሉ እዚያ ነበር፤ በዚህ መቶ ዓመት መጀመሪያ ግድም የስፔን የሥነ ቁፋሮ ባለሙያዎች ቆፍረው አጥንተውታል። ጎብኚው ከአውሮፕላን ወርዶ ታሪኩ የሚጀምርበት ቦታ ላይ ቆሟል፤ መኪናው ግን ፒያሳ ለመድረስ ይቸኩላል። ወለቃ በበኩሏ የቀኑ መጨረሻ ናት፤ ለሸክላ መግዣ የተተወች ግማሽ ሰዓት። ዛሬ በመንደሯ የሚሸጠውን ሸክላ የሚሠሩት በአብዛኛው ሌሎች ናቸው፤ ቤተ እስራኤላውያኑ በ1980ዎቹና በ1991 ወደ እስራኤል ሄደዋል። ግንቡን ያነሡ ሰዎች መንደር ከግንቡ ጋር ምንም ዓይነት ዝምድና እንዳልነበረው ሁሉ በመንገድ ዳር መደብርነት ትታያለች። በዐፄ ዮሐንስ ቀዳማዊ ዘመን በ1668 የተደረገው ጉባኤ ሙስሊሞችና ቤተ እስራኤላውያን ተለይተው እንዲሰፍሩ መወሰኑ፣ አዲስ ዓለም የተባለው የሙስሊሞች ሰፈር እስካሁን መኖሩ፣ በጉብኝቱ አይነሣም። የሚያስቀይም ታሪክ ነው ይባል ይሆናል። የሚያስቀይም ታሪክ ለልጆች አይነገርም የሚል ወላጅም አለ፤ ግን እነዚሁ ልጆች በናይሮቢ ትምህርት ቤቶቻቸው የቅኝ አገዛዙ ናይሮቢን በዘር ከፋፍሎ ማስፈሩን ይማራሉ፤ የጎንደሩንም ለመስማት አቅም አላቸው።

የሚዘለለው ሌላ ምዕራፍ የዐፄ ቴዎድሮስ ነው። በፒያሳ ሐውልታቸው ቆሟል፤ አውሮፕላን ማረፊያው በስማቸው ይጠራል። አስጎብኚው ጎንደርን ያቃጠሏት ደርቡሾች እንደሆኑ ይናገራል፤ እውነት ነው፣ በ1888 አቃጥለዋታል። ደብረ ብርሃን ሥላሴን ንብ አዳናት የሚለው ትውፊትም ይከተላል፤ ደስ የሚል ትውፊት ነው፣ ሊነገርም ይገባል። ነገር ግን ከዚያ ሃያ ሁለት ዓመት ቀድሞ፣ በ1866፣ ከተማዋን የዘረፏትና ያቃጠሏት ራሳቸው ቴዎድሮስ ናቸው። ከአብያተ ክርስቲያናቱ የተሰበሰቡት መጻሕፍት ወደ መቅደላ ተወሰዱ፤ በ1868 የእንግሊዝ ጦር መቅደላን ሲይዝ ከእነርሱ መካከል ሦስት መቶ ኀምሳ ያህሉ ወደ ብሪቲሽ ሙዚየም ገቡ፤ ዛሬ በብሪቲሽ ላይብረሪ ይገኛሉ። አስጎብኚው በግቢው ውስጥ የዐፄ ዮሐንስን ቤተ መጻሕፍት ባዶ ግድግዳ ሲያሳይ ልጁ «መጻሕፍቱስ?» ቢል መልሱ ይህ ነው፤ ጎንደር፣ መቅደላ፣ ለንደን። የእንግሊዞቹን ዘረፋ ነግሮ የቴዎድሮስን መዝለል የትርጉም ሥራ አይባልም። ታላቅነታቸውን የሚያምን ሰው ይህንን ሰምቶ እምነቱን አይጥልም።

ይህ ሁሉ ተብሎ፣ የጎንደር አስጎብኚዎች ሰነፎች ናቸው ማለት ፍርደ ገምድልነት ይሆናል። ከተጻፈው ንግግር ሲወጡ የሚናገሩትን የሰማ ይህንን አይልም። የፋሲል መዋኛ ዘንድ ሲደርሱ ነገሩ ይለወጣል። በእንግሊዝኛው ንግግር ቦታው የንጉሥ «ስዊሚንግ ፑል» ነው፤ የጎንደር ልጅ የሆነ አስጎብኚ ግን ጥር 11 ቀን ውኃው ሲባረክ እዚያ ያደገ፣ ከአፍላነቱ ጀምሮ ከግድግዳው ላይ የዘለለ ነው። ከቀሃ ወንዝ ውኃው በቦይ እንዴት እንደሚመጣ፣ ለመሙላት ስንት ቀን እንደሚፈጅ፣ የዛፎቹ ሥር ግድግዳውን እንደ ጣት እንዴት እንደጨበጠው፣ ታቦታቱ በየትኛው መንገድ እንደሚወርዱ ሲያስረዳ አንድም የተሸመደደ ቃል አይኖረውም። አማርኛውም ይስተካከላል፤ የነገሥታቱ «አንተ» በራሱ ጊዜ ወደ «እርስዎ» ይመለሳል። ለብቻ የተያዘ ጉብኝት ከጅምላው የሚበልጠው በዚህ ነው፤ ጎብኚው ጥያቄ ሊጠይቅበት፣ አስጎብኚውም ከጽሑፉ ሊወጣበት ይችላል። ስለዚህ ከጥፋቱ እኩሌታው የከፋዩ ነው። «ለልጆቹ በእንግሊዝኛ አድርግልን» ብሎ፣ ፎቶግራፍ እያነሣ፣ አንድም ጥያቄ ሳይጠይቅ የሚመለስ ቤተሰብ የሚገባውን ንግግር አግኝቷል።

ሌላም ያልታየ አለ፤ አርባ አራቱ ታቦት። በአንድ ቀን ከእነርሱ ሁለቱ ወይም ሦስቱ ይታያሉ፤ የሚታዩትም ለሥዕላቸው ነው። የደብረ ብርሃን ጣራ ላይ ያሉት የኪሩቤል ፊቶች በእርግጥ የሚደነቁ ናቸው። ጎንደር ግን የአቋቋም ትምህርት ምስክር የሚገኝባት ከተማ ናት፤ የበአታ ጉባኤ ቤት ስሙ በመላ አገሪቱ የታወቀ ነው። ግድግዳ ብቻ ማሳየት ትምህርቱን የሞተ ያስመስለዋል። ለአማርኛ ተናጋሪ ጎብኚ ግማሽ ሰዓት ከጉባኤ ቤት ደጃፍ መቆም ከአንድ ተጨማሪ ፍርስራሽ ይበልጣል፤ ለውጭ ሰው ሊከብድ ይችላል፣ ለእርሱ አይከብድም።

ሰላም ካለ ማለት ነው ይህ ሁሉ። ከ2015 ዓ.ም. ማብቂያ ጀምሮ በአማራ ክልል የተነሣው ግጭት፣ ከዚያም በፊት የሰሜኑ ጦርነትና የኮሮና ወረርሽኝ፣ የጎንደርን የቱሪዝም ኑሮ ክፉኛ ጎድተውታል። ለውጭ ሰው የተሰናዳው ንግግር የውጭ ሰው ሲቀር ሰሚ ያጣል፤ በመጀመሪያ ተመልሶ የሚመጣው ከናይሮቢ፣ ከአዲስ አበባ፣ ከዋሽንግተን አገሩን ሊያይ የሚመጣው የራስ ሰው መሆኑ አይቀርም። ለእርሱ የሚሆን ንግግር ደግሞ ገና አልተሰናዳም። ለማሰናዳቱ ብዙ ወጪ አይጠይቅም፤ ከአዘዞ መጀመር፣ በሮቹን በስማቸው መጥራት፣ ወለቃን ከግንቡ አስቀድሞ ማሳየት፣ ዓመቱን ሲናገሩ በየትኛው አቆጣጠር እንደሆነ መጥቀስ።

ልጆቹ እንግሊዝኛ ያስፈልጋቸዋል ቢባል እንኳ ሁሉም ነገር መተርጎም የለበትም። በቁስቋም የምንትዋብ፣ የልጃቸው የዳግማዊ ኢያሱና የልጅ ልጃቸው የኢዮአስ አፅም በመስታወት ሣጥን ይታያል። አስጎብኚው «ክዊን ምንትዋብ» ሲል ልጅቷ የንጉሥ ሚስት የሆነች ሴት ታስባለች። ምንትዋብ ግን ባላቸው ዐፄ በካፋ ካረፉ በኋላ ዘውድ የጫኑ፣ ብርሃን ሞገሳ የሚል ስመ መንግሥት የነበራቸው፣ በልጃቸውና በልጅ ልጃቸው ዘመን መንግሥትን የያዙ ናቸው። ለዚህ «እቴጌ» ከማለት የተሻለ ቃል የለም። በሞምባሳ አስጎብኚዎች የኦማንን ዘመን ገዥ «ሊዋሊ» ብለው ሳይተረጉሙት ያልፋሉ፤ ሰሚውም ከአንዴ በኋላ ይለምደዋል። በጊጊሪ ያደገች ልጅ «ሐራምቤ»ን፣ «ሻምባ»ን፣ «ማታቱ»ን ማንም ሳይተረጉምላት ታውቃቸዋለች፤ «እቴጌ»፣ «እልፍኝ» እና «ግብር» ከእነርሱ የሚከብዱ አይደሉም።